ስለ አዲስ ዓለም ከተማና ስለ ደብረ ጽዮን ማርያም ቤተ ክርስቲያን ታሪክ

አዲስ ዓለም የምትባለው ከተማ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ 55 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፥ ሆለታን አልፎ ወደ አምቦ በሚወስደው መንገድ ላይ ትገኛለች። በዛሬው አስተዳደር በኦሮሚያ ክልል በምዕራብ ሸዋ ዞን የእጀሬ ወረዳ ከተማ ናት። የስፍራው የቀድሞ ስም እጀርሳ ነው፤ እጀርሳ ማለትም በኦሮምኛ ወይራ ማለት ነው። ከተማይቱ ትንሽ ናት። ወደ ምዕራብ አገር የሚሄድ መንገደኛ በኮረብታው ላይ ያለችውን የማርያምን ቤተ ክርስቲያን አይቶ፥ አማኝ እንደሆነ ተሳልሞ፥ ፈጥኖ ያልፋታል። ነገር ግን ይህች ከተማ የኢትዮጵያ መንግሥት መናገሻ ልትሆን ታስባ የተቈረቈረች ናት፤ መንገደኛው የሚሳለማትም ቤተ ክርስቲያን የንጉሠ ነገሥቱ አዳራሽ ልትሆን ተጀምራ የእመቤታችን መቅደስ ሆና የተፈጸመች ናት። ይህ እንዴት እንደ ሆነ ለማስረዳት ጥቂት ወደ ኋላ ሄዶ መነሣት ይገባል።

የኢትዮጵያ ነገሥታት ከጎንደር ዘመን በፊት ለብዙ ጊዜ በአንድ ስፍራ ጸንተው አይቀመጡም ነበር። ከተማ የሚለው ቃል ራሱ በጥንት አነጋገር የንጉሥ ሰፈር ማለት ነበረ፤ ንጉሡ ባረፈበት ከተማው ያርፋል፥ ንጉሡም በተነሣ ጊዜ ከተማው ይነሣል። ከ1512 ጀምሮ እስከ 1518 ዓመተ ምሕረት በኢትዮጵያ የተቀመጠው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ የዐፄ ልብነ ድንግልን ሰፈር በዓይኑ አይቶ ጽፎታል። በእርሱ ጽሑፍ የንጉሡ ድንኳን፥ የአብያተ ክርስቲያናቱ ድንኳኖች፥ የዳኞቹና የገበያው ስፍራ ሁሉ በሥርዓት የተወሰነ ነበረ፤ ሰፈሩም ሲነሣ ካህናቱ ታቦታቱን ተሸክመው አብረው ይጓዙ ነበር። እንግዲህ በዚያ ዘመን መንግሥትም ቤተ መቅደስም በድንኳን ነበሩ ማለት ነው።

ለዚህም መዘዋወር ምክንያቱ ጦርነት ብቻ አልነበረም። ብዙ ሠራዊት በአንድ ስፍራ ሲሰነብት አስቀድሞ የሚጎድለው እህል ነው፤ ቀጥሎም እንጨት ነው። እህሉ ከሩቅ አገር በግብር ተጭኖ ይመጣል። እንጨት ግን ከብዶ ዋጋው ጥቂት ስለ ሆነ ከሩቅ ቢያመጡት አያዋጣም፤ ቅርብ ያለው ደን ካለቀ ሰው ራሱ ወደ ደኑ መሄድ አለበት። ይህን ነገር ታሪክ ጸሐፊዎች ብዙ ጊዜ ያልፉታል። የቤት እመቤት ግን ታውቀዋለች፤ ምጣዱ ካልጋለ እንጀራው ዓይን አያወጣም፥ ለአንድ አክንባሎ እንጀራ የሚነደውንም ማገዶ የምትቈጥረው እርስዋ ናት። ለብዙ ሺህ ጭፍራ በየቀኑ እንጀራ ሲጋገር፥ ወጥ ሲሠራ፥ ጠላና ጠጅ ሲጠመቅ የሚነደውን እንጨት መገመት አያስቸግርም።

ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ ገና የሸዋ ንጉሥ ሳሉ ከአንኮበር ተነሥተው በ1870ዎቹ ዓመታት መጀመሪያ ወደ እንጦጦ መጡ። እንጦጦ ለጦር የሚመች ከፍተኛ ተራራ ነው፤ ለኑሮ ግን ብርዱና ነፋሱ የጸና፥ ውሃውም የራቀ ነበረ። ስለዚህ በ1879 ዓመተ ምሕረት እቴጌ ጣይቱ ከተራራው በታች በፍል ውሃው አጠገብ ቤት እንዲሠራ አደረጉ፤ ስፍራውንም አዲስ አበባ ብለው ሰየሙት። ቤተ መንግሥቱ ወደ ሜዳው ቢወርድም የእንጦጦ ማርያም በተራራው ላይ ቀረች፤ ዐፄ ምኒልክም ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓመተ ምሕረት የንጉሠ ነገሥትነት ዘውድ የደፉት ከዚያው ወጥተው በእርስዋ ውስጥ ነው። ከዚህ ነገር አንድ ልማድ ይታያል። ንጉሡ ሲሄድ ቤተ መንግሥቱ ይፈርሳል፤ ታቦት አንድ ጊዜ በሕንጻ ከገባ በኋላ ግን ካህናቱ አይለቁትም። ዐፄ ዘርአ ያዕቆብ በደብረ ብርሃን ተቀምጠው ነበር፤ እርሳቸው ካለፉ በኋላ የቤተ መንግሥታቸው ነገር በወሬ ቀረ፥ የደብረ ብርሃን ሥላሴ ስም ግን እስከ ዛሬ አለ።

የካቲት 23 ቀን 1888 ዓመተ ምሕረት በዓድዋ ከሆነው ድል በኋላ አዲስ አበባ በሰውም በሥራም በዛች። ከየአውራጃው መኳንንቱ ከነጭፍራቸው እየመጡ በተሰጣቸው ሰፈር ሰፈሩ። በታላቁ ግቢ ብዙ ሺህ ሰው በአንድ ጊዜ የሚበላበት አዳራሽ ተሠራ፤ ግብር በሚገባበትም ቀን ሠራዊቱ በተራ በተራ እየገባ ይበላ ነበር። ቤቱ ሁሉ የሚሠራው በእንጨትና በጭቃ ነው፤ አጥሩ እንጨት ነው፤ ማገዶው እንጨት ነው። በእንጦጦ የነበረው የጽድና የወይራ ደን ተመናመነ። ከጥቂት ዓመትም በኋላ እንጨት ለማምጣት የአንድ ቀን መንገድ የሚሄድ ሰው በዛ። በዚያ ዘመን ከውጭ አገር የመጡ እንግዶች ይህን አይተው ከተማይቱ ብዙ እንደማትቆይ ይገምቱ ነበር፤ ግምታቸውም ያለ ምክንያት አልነበረም፥ የአገሩ ልማድ እንዲያ ነበረና።

በ1892 ዓመተ ምሕረት ገደማ ዐፄ ምኒልክ እጀርሳን መረጡ። ኮረብታው ዙሪያውን ሁሉ የሚያሳይ ነው። አገሩ ለእርሻ የተመቸ፥ የአዋሽ ወንዝ ከሚነሣበት ከጊንጪ በስተ ምሥራቅ ያለ ነው። በአዲስ አበባና በእጀርሳ መካከልም በወጨጫ ተራራ ጥግ የመናገሻ ደን አለ፤ ይህ ታላቅ የጽድ ደን ዐፄ ዘርአ ያዕቆብ አስተከሉት እየተባለ በአፈ ታሪክ ይነገርለታል። እንጨት ያስነሣው ንጉሥ እንጨት ያለበትን መምረጡ የሚጠበቅ ነው። ስፍራውም አዲስ ዓለም ተባለ። አበባ ለአንድ ወራት ይፈካል፤ ዓለም ግን ለመኖሪያ ነው። ስሙን ያወጡት ሰዎች ይህን አስበው ይሁን ወይም ለማማሩ ብቻ፥ ሁለቱን ስሞች አጠገብ ለአጠገብ ያስቀመጠ ሰው ንጉሡ ለዘለቄታ እንዳሰቡት ሊጠረጥር ይችላል።

ሥራው በብርቱ ተጀመረ። በኮረብታው ጫፍ ላይ የቤተ መንግሥቱ አዳራሽና ልዩ ልዩ ቤቶች ተቈረቈሩ፤ ድንጋይ ተፈለጠ፥ እንጨት ተጐተተ፤ ከአገሩ ሠራተኞች ጋራ የሕንድ አገር ግንበኞችና አናጺዎችም በዚያ ዘመን የመንግሥት ሥራ ይሠሩ ነበር። የውጭ አገር መንግሥታት ሌጋሲዮኖችም ከንጉሡ ጋራ የሚነሡ ስለ መሰላቸው ነገሩን በሥጋት ይመለከቱት ጀመር፤ የጣልያን ሌጋሲዮንም በአዲስ ዓለም ቤት አሠራ። ከአዲስ አበባ ወደ አዲሲቱ ከተማ የሚወስድ መንገድም ተጠረገ፤ ስለዚህ መንገድ ነገር ወደ ታች ይነገራል።

ይህ ሁሉ ከሆነ በኋላ በ1894 ዓመተ ምሕረት ገደማ አሳቡ ተለወጠ። ንጉሠ ነገሥቱ በአዲስ አበባ ለመቅረት ቈረጡ።

ለምን ተለወጠ ቢባል፥ ብዙ ሰው የሚመልሰው አንድ ቃል ነው፤ ባሕር ዛፍ ይላል። ይህ ዛፍ ከአውስትራልያ የተገኘ ሲሆን፥ የዐፄ ምኒልክ አማካሪ የነበረው ፈረንሳዊው ሞንዶን ቪዳዬ በ1887 ዓመተ ምሕረት ገደማ ወደ አዲስ አበባ አመጣው ይባላል። የዛፉ ጠባይ ለከተማ እጅግ የሚጠቅም ነው። ጽድ ለመጽደቅና ለመቆም የሰው ዕድሜ የሚፈጅ ሲሆን፥ ባሕር ዛፍ በአራትና በአምስት ዓመት ለቤት ማገርና ለማገዶ ይደርሳል፤ ቢቈርጡትም ከጉቶው ደግሞ ያቈጠቁጣል። ስለዚህ ዛፉ ከተማይቱን ከመነሣት አዳነ የሚለው ታሪክ ውሸት አይደለም። ነገር ግን ዓመቱን መቍጠር ያስፈልጋል። በ1894 ዓመተ ምሕረት ከሰባት ዓመት የማይበልጥ ዕድሜ የነበረው ተክል፥ ያውም በጥቂት ሰዎች ግቢ የተተከለ፥ ያን ሁሉ ሕዝብ የሚያሞቅ አልነበረም። የባሕር ዛፍ ደን አዲስ አበባን የከበበው ከዚያ በኋላ ነው። ዛፉ የንጉሡን ውሳኔ አጸናው፥ ለዘለቄታውም አስቻለው ቢባል ይሻላል፤ ውሳኔውን ግን እርሱ ብቻ አልወለደውም።

ከዛፉ ይልቅ የከበደው ድንጋዩ ነው። በቀድሞ ዘመን ከተማ የሚነሣው ድንኳን ስለሚነቀልና የጭቃ ቤት ቢተው ስለማይቈጭ ነበር። በአዲስ አበባ ግን ሌጋሲዮኖቹ በተሰጣቸው ቦታ የጸና ቤት ማሠራት ጀምረው ነበር፤ የሕንድ፥ የአርመንና የግሪክ ነጋዴዎችም ሱቃቸውን ከፍተው ነበር። መኳንንቱ በየሰፈራቸው ርስት ይዘዋል፤ አብያተ ክርስቲያናትም በየሰፈሩ ተተክለዋል። ከዚህም ሌላ የባቡር ሐዲድ ነገር አለ። ውሉ በ1886 ዓመተ ምሕረት ተፈቅዶ ሐዲዱ ከጅቡቲ ተነሥቶ በ1895 ዓመተ ምሕረት ድሬ ዳዋ ደረሰ፤ የታሰበው መድረሻው ወደ አዲስ አበባ ነበረ፥ በ1909 ዓመተ ምሕረትም ደረሰ። የቈረቈሩአት እቴጌ ጣይቱም አዲስ አበባን ይወዱ ነበር፤ የፍል ውሃውም ጥቅም በሌላ ስፍራ የሚገኝ አልነበረም። እንዲህ ባለ ብዙ ገመድ የታሰረች ከተማ በእንጨት ምክንያት ብቻ ልትነሣ አልቻለችም። የኢትዮጵያ መናገሻ ከድንኳን ወደ ድንጋይ የተሻገረው በእነዚህ ሁለት ሦስት ዓመታት ነው ማለት ይቻላል፤ አዲስ ዓለምም የመጨረሻይቱ የታሰበች ጕዞ ናት።

አሁን ንጉሠ ነገሥቱ በተጀመረው አዳራሽ ምን ያድርጉበት? እንደ ቀድሞው ልማድ ቢሆን ኖሮ ሕንጻው ይተዋል፥ ዝናብ ያፈርሰዋል፥ ሣር ይበቅልበታል። ወይም ለአንድ መስፍን ይሰጣል። ዐፄ ምኒልክ ግን ለእመቤታችን ለቅድስት ማርያም ሰጡት። አዳራሹ ወደ ቤተ መቅደስ ተለወጠ፤ ታቦቷም ገባች፥ ስሟም ደብረ ጽዮን ተባለ። ሊቃውንት በዚህ ነገር የንጉሥ ዳዊትን ታሪክ ያስባሉ። ዳዊት በዝግባ በተሠራ ቤት ተቀምጦ ታቦተ እግዚአብሔር በመጋረጃ ውስጥ መቀመጧን ባሰበ ጊዜ ልቡ እንዳዘነ በመጽሐፍ ተጽፏል፤ ለእርሱ ግን ቤቱን ለመሥራት አልተፈቀደለትም፥ ለልጁ ለሰሎሞን ቈየ። በአዲስ ዓለም የሆነው ከዚህ ይለያል። በዚህስ ንጉሡ ለራሳቸው ያሠሩትን ቤት ለቀው ታቦቷን አስገቡበት።

የሕንጻው መልክም ከዚህ ታሪክ የተነሣ ልዩ ነው። በሸዋ አገር ያሉ የዚያ ዘመን አብያተ ክርስቲያናት ብዙዎቹ ክብ ወይም ስምንት ማዕዘን ናቸው፤ ቅኔ ማሕሌቱ ቅድስቱን፥ ቅድስቱም መቅደሱን ይከባል። የአዲስ ዓለም ማርያም ግን እንደ አክሱም ጽዮን ረዥም አራት ማዕዘን ናት፤ ውስጧም በሥዕል ያጌጠ ነው። በማርያም በዓል ከቅኔ ማሕሌቱ ቆሞ ጽናጽኑንና ከበሮውን የሚሰማ ሰው ስፋቱ ከመጀመሪያው ለብዙ ሕዝብ የታሰበ እንደ ሆነ ያስተውላል። ለግብር የታሰበው ስፋት ለማኅሌት ሆነ።

ደብረ ጽዮን የሚለው ስም ያለ ነገር አልወጣም። ዐፄ ዘርአ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ዓመት፥ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛም በ1864 ዓመተ ምሕረት ሥርዓተ ንግሣቸውን በአክሱም ፈጽመዋል። ዐፄ ምኒልክ ግን ዘውድ የደፉት በሸዋ በእንጦጦ ማርያም ነው፥ ወደ አክሱም አልሄዱም። ስለዚህ በሸዋ ምድር አንዲት ጽዮን መትከላቸው ሃይማኖት ብቻ ሳይሆን የመንግሥት አሳብም እንዳለበት ማየት አያስቸግርም። የሁለቱ ደብሮች ዝምድና ይልቁን የሚታወቀው በአለቃቸው ማዕረግ ነው። የአክሱም ጽዮን አለቃ ንቡረ እድ ይባላል፤ ትርጓሜውም እጅ የተጫነበት፥ በአንብሮተ እድ የተሾመ ማለት ነው። ይህ የከበረ ስም ለአዲስ ዓለም አለቃም ተሰጠ። በሌላው ደብር አለቃ ወይም መልአክ የሚባለው ሹም በእነዚህ በሁለቱ ንቡረ እድ ይባል ነበር፤ በኋላ ዘመን ማዕረጉ ለሌሎችም ሊቃውንት ቢሰጥ መነሻው እንዲህ ነው።

ለእንዲህ ያለ ደብር ካህን፥ ደብተራና አገልጋይ በብዛት ያስፈልጋል፤ ለመኖሪያውም መሬት ተሰጠ። ይህ ነገር በደስታ ብቻ የሚተረክ አይደለም። የቤተ ክርስቲያን መሬት ያለ ገበሬ አይታረስም። የእጀሬ ገበሬ፥ ብዙውን ጊዜ ኦሮሞ የሆነው፥ ለመንግሥት ይገባ የነበረውን ግብር ለደብሩ አገልጋዮች እያገባ ኖረ። ካህኑ ከመሠዊያው እንዲኖር መጽሐፍ ያዛል፤ ነገር ግን በማኅሌቱ መቆም የቻለው በሌላ ሰው ድካም መሆኑን የደብሩ ታሪክ ሊዘነጋው አይገባውም።

ወደ መንገዱ ነገር እንመለስ። ከአዲስ አበባ ወደ አዲስ ዓለም የተሠራው መንገድ በኢትዮጵያ በአዲስ ሥልጣኔ ሥርዓት ከተሠሩት መንገዶች የመጀመሪያው ነው ይባላል፤ በሥራውም የጣልያን መሐንዲሶች ነበሩበት። ከዚያ አስቀድሞ መንገድ ማለት በቅሎና አጋሰስ የረገጠው ፈለግ ነበረ። ሰርኪስ ተርዚያን የተባለው አርመናዊ ነጋዴ ያስመጣው፥ ሕዝቡ የሰርኪስ ባቡር ያለው በእንፋሎት የሚሄድ የመንገድ መዳመጫም በአገሩ የታየው በዚሁ ዘመን ነው። የመጀመሪያይቱ አውቶሞቢል በ1900 ዓመተ ምሕረት አዲስ አበባ ስትገባ ይህ መንገድ ጥቂት ዓመት ሆኖት ነበር። መንገዱ ንጉሡን ወደ አዲስ ከተማቸው ለማድረስ ተጠርጎ፥ ንጉሡ ቢቀሩም እርሱ አልቀረም፤ ወደ አምቦና ወደ ነቀምት እየረዘመ የምዕራብ አገር ዋና መንገድ ሆነ። የወለጋ ቡና ወደ ገበያ የወጣበት፥ ተማሪው ወደ አዲስ አበባ የመጣበት መንገድ ይህ ነው። ከተማይቱም ከዚህ መንገድ ትኖራለች። ንጉሥ ሊያሳድራት የነበረች ከተማ መንገደኛ እያሳደረች፥ በገበያዋ ቀን የአካባቢዋን እህልና ከብት እያገበያየች ቀረች።

ዐፄ ምኒልክ ታመው ቈይተው ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 ዓመተ ምሕረት ዐረፉ። ከዚያ በኋላ አዲስ ዓለም የምትታወቀው በደብሯ ነው። ከ1928 እስከ 1933 ዓመተ ምሕረት በነበረው የጠላት ወረራ ጊዜ ወደ ምዕራብ የሚወስደው መንገድ ለጠላት ጦር የሚያስፈልግ ነበርና፥ አገሩ ከመከራው አልዳነም። በጊንጪና በጅባት በኩል የነበሩት አርበኞችም ያን መንገድ ዕረፍት ነሡት፤ ከመካከላቸውም ገና በወጣትነቱ ጫካ የገባው ጃገማ ኬሎ፥ ኋላ ጄኔራል የሆነው፥ ስሙ የታወቀ ነው።

ደብሩን እስከ መሠረቱ ያናወጠው ግን የሰላሙ ጊዜ ነገር ነው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓመተ ምሕረት የወጣው አዋጅ የገጠርን መሬት ሁሉ የሕዝብ ባደረገ ጊዜ፥ የአብያተ ክርስቲያናት መሬት አብሮ ሄደ። ገበሬው ከቀድሞው ግብር ዐረፈ፤ በመሬት የሚኖረው ካህን ግን በአንድ ቀን ባዶ እጁን ቀረ። መሬት ያልነበረው ትንሽ ደብር ብዙ አልጎደለበትም፤ ንጉሥ ያበለጠጋቸው ታላላቆቹ ደብሮች ግን ይበልጥ ተጐዱ። እግዚአብሔር አስቀድሞ ያዘጋጀው ይመስል፥ የሰበካ ጉባኤን ሥርዓት የደነገገው ቃለ ዓዋዲ በ1965 ዓመተ ምሕረት ወጥቶ ነበር። በዚህ ሥርዓት ምእመናን ተመዝግበው በየዓመቱ አስተዋፅኦ ይሰጣሉ፥ ከካህናቱም ጋራ ሆነው ደብሩን ያስተዳድራሉ። መጀመሪያ ብዙ ሰው ነገሩን አቃልሎት ነበር፤ መሬቱ በሄደ ጊዜ ግን ቅዳሴው እንዳይታጐል ያደረገው ይህ ከየቤቱ የሚሰበሰብ ጥቂት ጥቂት ገንዘብ ነው። ንጉሥ በአንድ ቃል የሰጡት በአንድ አዋጅ ሲሄድ፥ ያቆመው የምእመናን ሳንቲም ሆነ።

ከነገሥታቱ የተሰጠው ልብስና ንዋየ ቅድሳት በደብሩ ዕቃ ቤት ተጠብቆ ይገኛል፤ ከሩቅ የሚመጡ እንግዶችም ያዩታል። በኅዳር 21 ቀን፥ የጽዮን ማርያም በዓል በአክሱምና በስሟ በተሰየሙት ደብሮች ሁሉ በሚከበርበት ዕለት፥ ከአዲስ አበባም ከአምቦም የሚመጣው ሕዝብ በዚያው በምኒልክ መንገድ ወደ ኮረብታው ይወጣል። በመንገዱ ግራና ቀኝ የሚያየው ዛፍ ግን እንደ አገሩ የጥንት ስም ወይራ ሳይሆን፥ አብዛኛው ባሕር ዛፍ ነው።